የዓለም ሀገራት ዕውቀታችሁን በምን ትፈትናላችሁ? ምርጫ፣ ካርታ፣ ካርድ ወይስ «ለምን?»

የካዛኪስታን ዋና ከተማ ማን ናት? አስታና ካላችሁ ልክ ናችሁ። ከ2019 እስከ 2022 ግን ትክክለኛው መልስ ኑር-ሱልጣን ነበር። እስከ 1997 ደግሞ አልማቲ ያለ ሰው ሙሉ ነጥብ ያገኝ ነበር። (ሌላ ካላልኩ በቀር እዚህ ያሉት ዓመታት ሁሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው።)

ጠቅላላ ዕውቀትን መፈተን ሲያዩት ቀላል ነው። ጥያቄ ይጠየቃል፣ መልስ ይመለሳል፣ ነጥብ ይቆጠራል። ግን ያው አንድ ሰው በጥያቄና መልስ መጽሐፍ ሲፈተን ጎበዝ ይባላል፣ ባዶ ካርታ ሲሰጠው ይደናገራል። ስለዚህ «ስንት አገኘሁ?» ከማለት በፊት «የተፈተንኩት በምን ነው?» ማለት ያስፈልጋል። በየመልኩ ያሉትን መፈተኛዎች ላወዳድርላችሁ ነው። ወደ የትኛው እንደማደላ ከወዲሁ ልንገራችሁ፦ ታሪክና ፖለቲካ ከሆነ ጉዳዩ፣ «ለምን?» የሚለውን ጥያቄ የሚተካ የለም ባይ ነኝ።

መጀመሪያ፣ ምኑን ነው የምትለኩት?

ናሚቢያን እንውሰድ። «የናሚቢያ ዋና ከተማ የቷ ናት? ሀ. ሉሳካ፣ ለ. ዊንድሆክ፣ ሐ. ሐራሬ፣ መ. ጋቦሮኔ።» ስሙን አንድ ቀን በዜና የሰማ ሰው ሲያየው ይለየዋል። ምርጫዎቹን አንሱና ያንኑ ጥያቄ በቃል ጠይቁት። «አፌ ላይ ነው» እያለ ሊቀር ይችላል። ባዶ ካርታ አምጡና «ናሚቢያን አሳየኝ» በሉት። ይህ ሦስተኛ ፈተና ነው።

አራተኛው ይበልጣል። ካርታውን ልብ ብላችሁ ካያችሁት ናሚቢያ በሰሜን ምሥራቅ በኩል ወደ ውስጥ ዘልቆ የሚሄድ ረጅምና ቀጭን መሬት አላት። ምን አመጣው?

መልሱ 1890 ላይ ነው። ናሚቢያ ያን ጊዜ የጀርመን ቅኝ ግዛት ነበረች። ጀርመንና ብሪታንያ ተዋዋሉ። ጀርመን በዛንዚባር ላይ የነበራትን ጥያቄ ተወች። በምላሹ ሄልጎላንድ የምትባለውን የሰሜን ባሕር ደሴት አገኘች፤ ወደ ዛምቤዚ ወንዝ የሚያደርሰው ያ ቀጭን መሬትም ተሰጣት። ሐሳቧ በወንዙ ወርዶ ሕንድ ውቅያኖስ መድረስ ነበር። ነገር ግን ትንሽ ወረድ ሲሉ ቪክቶሪያ ፏፏቴ አለ፤ መርከብ አያሳልፍም። መሬቱ በጊዜው የጀርመን ቻንስለር በነበረው በካፕሪቪ ስም ተጠራ።

ይህን ማስረዳት የሚችል ሰው የዊንድሆክን ስም ለጊዜው ቢረሳው እንኳ ስለ ናሚቢያ ብዙ ያውቃል። ዊንድሆክን ከአራት ምርጫ የለየው ግን ሌላ ምንም ላያውቅ ይችላል። መለየት፣ ማስታወስ፣ ቦታ ማወቅና ማስረዳት አራት የተለያዩ ነገሮች ናቸው። እያንዳንዱ የራሱ መፈተኛ አለው።

የምርጫ ጥያቄ፦ ፈጣን ነው፣ ግን ነጥቡ ይዋሻል

መጽሐፍ ላይም ሆነ ስልክ ላይ በብዛት የምታገኙት ይህን ነው። ጥቅሙ ግልጽ ነው። ለማረም ይቀላል፣ ብዙ ሰው በአንዴ ይፈተንበታል፣ ጀማሪንም አያስፈራም።

ጉድለቱን በቁጥር እዩት። 20 ጥያቄ አለ እንበል፣ እያንዳንዱ አራት ምርጫ አለው። ምንም የማያውቅ ሰው ዝም ብሎ ቢያከብ በአማካይ 5 ያገኛል። 10ሩን ብቻ የሚያውቅና የቀረውን በግምት የሞላ ሰው 12 ወይም 13 ያመጣል። ስለዚህ ከ20 ጥያቄ 13 ስታገኙ የምታውቁት ግማሹን ብቻ ሊሆን ይችላል።

ሁለተኛው ጉዳይ የምርጫዎቹ ጥራት ነው። «የአውስትራሊያ ዋና ከተማ» ተብሎ ካንቤራ፣ ፓሪስ፣ ካይሮና ቶኪዮ ከተደረደሩ ጥያቄው ጥያቄ አይደለም። ሲድኒ፣ ሜልበርን፣ ፐርዝና ካንቤራ ሲሆኑ ግን ይፈትናል። ጎበዝ ጠያቂ ሰው የሚሳሳትበትን ያውቃል። ለቱርክ ኢስታንቡልን፣ ለብራዚል ሪዮን፣ ለናይጄሪያ ሌጎስን፣ ለኮትዲቯር አቢጃንን ያስገባል። እነዚህ ከተሞች ወይ ትልቆቹ ናቸው ወይ የድሮ ዋና ከተሞች ናቸው። ዋና ከተማው ለምን ተዛወረ የሚለው ራሱ ጥሩ የታሪክ ጥያቄ ነው። ብራዚል በ1960 ብራዚሊያን፣ ናይጄሪያ በ1991 አቡጃን የመረጡት ሁለቱም ከባሕር ዳርቻ ወደ መሐል ሀገር ለመግባት ብለው ነው።

የጥያቄና መልስ መጽሐፍ ልትገዙ ከሆነ ከመክፈላችሁ በፊት እዚያው ቆማችሁ ገልጡት። የሚከተሉትን ብቻ ፈልጉ። የአፍሪካ ኅብረት አባላት ስንት ይላል? ሞሮኮ በ2017 ከተመለሰች ወዲህ 55 ናቸው። የአውሮፓ ኅብረትስ? ብሪታንያ በ2020 ከወጣች በኋላ 27። ኔቶን 30 ካለ ፊንላንድና ስዊድን ከመግባታቸው በፊት የተጻፈ ነው፤ አሁን 32 ናቸው። ስዋዚላንድ የሚል ካለ ከ2018 በፊት ነው፤ ኤስዋቲኒ ሆናለች። ኢኮዋስን (የምዕራብ አፍሪካ ሀገራት የኢኮኖሚ ማኅበረሰብን) 15 ካለም ማሊ፣ ቡርኪና ፋሶና ኒጀር በጥር 2025 ሳይወጡ ነው። ሁለት ሦስቱን ከሳተ አስቀምጡት፤ የቀረውም እንዲሁ ያረጀ ነው። ያረጀ መጽሐፍ የምታስታውሱትን ነገር ስህተት አድርጎ ያስቀምጥባችኋል። ያንን መንቀል ደግሞ አዲስ ከመማር ይከብዳል።

በአማርኛ በተጻፉት ላይ አንድ ነገር ጨምሩ፦ የዘመን አቆጣጠሩን። የዓድዋ ድል 1888 ዓ.ም. ነው፤ በፈረንጆቹ 1896። የአፍሪካ አንድነት ድርጅት የተመሠረተው ግንቦት 17 ቀን 1955 ዓ.ም. ነው፤ በእነሱ ግንቦት 25 ቀን 1963። ልዩነቱ እንደ ወሩ ሰባት ወይም ስምንት ዓመት ስለሚሆን በግምት መቀነስ አያዋጣም። ብዙ መጽሐፍ ውስጥ የኢትዮጵያው ታሪክ በእኛ፣ የዓለሙ በእነሱ ይጻፍና ምልክት አይደረግበትም። እንዲህ ዓይነቱን መጽሐፍ የሚያጠና ልጅ ዓድዋ አውሮፓውያን አፍሪካን ስለመቀራመት ከተነጋገሩበት ከበርሊን ጉባኤ ጋር ምን ያህል እንደሚቀራረብ ሊገባው አይችልም። ጉባኤው ከ1884 እስከ 1885 የተካሄደ ነው፤ ዓድዋ ከዚያ አሥራ አንድ ዓመት በኋላ መጣ። ቁጥሮቹ ተቀላቅለው ሲያያቸው ግን በመካከላቸው ሦስት ዓመት ብቻ ያለ ይመስለዋል።

የቴሌግራም የጥያቄ ቻናሎች ያው ምርጫ ናቸው፤ የሚለያቸው መልሱን ወዲያው ማሳየታቸው ነው። ኔትወርክ ብዙ አይፈጁም። ችግሩ ጥያቄውን ማን እንደጻፈው አለመታወቁ ነው። የተሳሳተ መልስ «ትክክል» ተብሎ አረንጓዴ ሲበራ ሺህ ሰው ያምነዋል። ካሁት የተባለው የቡድን የጥያቄ ጨዋታ ደግሞ ለክፍልና ለቤተሰብ ስብሰባ ድንቅ ነው፤ ሁሉም ስልኩን ይዞ ይስቃል፣ ይጫጫሃል። ነጥቡ ግን በፍጥነትም ስለሚሰላ አስቦ የሚመልሰውን ይጎዳል። ለጨዋታ ውሰዱት፣ ለመለኪያ አይሆንም።

የካርታ ጨዋታዎች

ቦታ ማወቅ ከፈለጋችሁ እዚህ ጋ ጊዜ አጥፉ። ሀገርን በካርታ ላይ ማግኘት ያልቻለ ሰው ዜናውን ግማሹን ነው የሚሰማው።

ሴቴራ ስዊድን ውስጥ የተጀመረ የቆየ ጨዋታ ነው። ስም ይነግራችኋል፣ እናንተ ካርታው ላይ ትነካላችሁ። አንድ ክፍለ ዓለም መርጣችሁ በየቀኑ ጥቂት ደቂቃ ብትሰጡት ለውጡን ቶሎ ታዩታላችሁ። ለጀማሪ የምመክረው ይህን ነው። ከአፍሪካ ጀምሩ። ከአፍሪካም ምዕራቡን አስቀድሙ፤ ከቶጎና ቤኒን፣ ከጊኒና ጊኒ ቢሳው ጋር ትንሽ መታገል አለባችሁ።

ወርልድል በየቀኑ የአንድ ሀገር ቅርጽ ያሳያችኋል። ስድስት ሙከራ አላችሁ። ስትሳሳቱ የገመታችሁት ሀገር ከትክክለኛው ስንት ኪሎ ሜትር እንደሚርቅና በየት አቅጣጫ እንደሆነ ይነግራችኋል። ይህ ፍንጭ ነው ውበቱ። «ከቻድ 1,800 ኪሎ ሜትር ወደ ደቡብ ምሥራቅ» ሲላችሁ ካርታውን በጭንቅላታችሁ መሳል ትጀምራላችሁ። ለተጠመደ ሰው ይስማማል፣ በቀን አንዴ ብቻ ነውና።

ጂኦጌሰር ሌላ ዓለም ነው። በጎዳና ፎቶ አንድ መንገድ ላይ ያቆማችሁና «የት ነህ?» ይላችኋል። የመኪናውን አነዳድ፣ የሰሌዳውን ቀለም፣ የማስታወቂያውን ፊደል፣ የፀሐይዋን አቅጣጫ ታያላችሁ። ዓይን ይስላል። ታሪክና ፖለቲካ ግን አይፈትንም። ምስሉ ጎግል ካሜራውን በነዳባቸው ሀገሮች የተወሰነ ስለሆነም ከአፍሪካ ደቡብ አፍሪካ፣ ኬንያ፣ ጋናና ሴኔጋል ይመጣሉ እንጂ ብዙዎቹ ሀገሮች ወይ የሉም ወይ ብርቅ ናቸው። ደጋግሞ ለመጫወትም ክፍያ አለው።

ስፖርክል በተባለው የጥያቄ ድረ ገጽ ላይ ያለው የዓለም ሀገራት ፈተና ከሁሉም ይከብዳል። 15 ደቂቃ ይሰጣችሁና የዓለምን ሀገራት ስም እየጻፋችሁ ትሞላላችሁ። ምርጫ የለም፣ ፍንጭ የለም። ማስታወስን በደንብ የሚለካው ይህ ነው። የምትረሷቸው ሀገሮች ስለ እናንተ ይናገራሉ። ፓስፊክን በሙሉ ትታችሁት ልትወጡ ትችላላችሁ፤ ኪሪባቲ፣ ናኡሩ፣ ቱቫሉ። መሐል እስያ ላይ ኪርጊስታንና ታጂኪስታን ይቀላቀሉባችኋል። አንድ ማሳሰቢያ፦ ስሙ የሚጻፈው በእንግሊዝኛ ነው፤ ስለዚህ ፈተናው እንግሊዝኛችሁንም ጨምሮ ይፈትናል። ሀገሩን እያወቁ ሆሄው የጠፋባቸው ልጆች በነጥባቸው እንዳያዝኑ በአማርኛ ወረቀት ላይ ጽፈው፣ ሰዓት ይዛችሁ አርሙላቸው። ውጤቱ ያኔ እውነተኛ ይሆናል።

ባንዲራ ላይ ብዙ ጊዜ ባታጠፉ እመርጣለሁ። ቻድና ሮማኒያ፣ ሞናኮና ኢንዶኔዥያ በዓይን አይለዩም ማለት ይቻላል። እነሱን መለየት የማስታወስ ትርኢት ነው። ባንዲራ ጥሩ የሚሆነው ጥያቄው ሲቀየር ነው። ጋና፣ ሴኔጋል፣ ማሊ፣ ጊኒ፣ ካሜሩን ሁሉም አረንጓዴ፣ ቢጫና ቀይ ያደረጉት ለምንድን ነው? ጋና በ1957 ነጻ ስትወጣ ቀለሞቹን ከኢትዮጵያ ወሰደች፤ ሌሎቹ ተከተሉ። ይህን የሚያውቅ ልጅ ዓድዋ ከሀገር ውጭ ምን ትርጉም እንደነበረው ገብቶታል።

ካርድ፦ እንዳይረሳ ለሚፈልግ ሰው

ከላይ ያሉት ሁሉ ዛሬ ምን እንደምታውቁ ይነግሯችኋል። ከሦስት ወር በኋላም እንድታውቁት የሚያደርገው ግን ካርድ ነው። አንድ ጎን ጥያቄ፣ ሌላ ጎን መልስ። በወረቀት ሊሆን ይችላል፣ አንኪ በተባለው የካርድ አፕም ሊሆን ይችላል። አንኪ በኮምፒውተርና በአንድሮይድ ነጻ ነው፣ በአይፎን ይከፈልበታል። አንዴ ካወረዳችሁት ያለ ኢንተርኔት ይሠራል። ያወቃችሁትን ካርድ ከቀናት፣ ከዚያ ከሳምንታት፣ ከዚያ ከወራት በኋላ ይመልሰዋል። የሳታችሁትን ቶሎ ያመጣዋል።

ለምን እንደሚሠራ የሚያሳይ የታወቀ ጥናት አለ። ሮዲገርና ካርፒኪ የተባሉ ተመራማሪዎች በ2006 ተማሪዎችን ጽሑፍ አስነበቡ። ከፊሎቹ ደግመው አነበቡት። ከፊሎቹ ሳያዩ ያስታወሱትን ጻፉ። ከአምስት ደቂቃ በኋላ ሲፈተኑ ደግመው ያነበቡት በለጡ፤ 81 በመቶ ለ75። ከሳምንት በኋላ ግን ነገሩ ተገለበጠ። ራሳቸውን የፈተኑት 56 በመቶ፣ ያነበቡት 42 በመቶ አስታወሱ። መጽሐፉን አሥሬ ከማንበብ ዘግቶ ራስን መጠየቅ ይሻላል ማለት ነው።

የካርዱ አሠራር ወሳኝ ነው። በአንድ ካርድ አንድ ነገር ብቻ። «የምዕራብ አፍሪካን ሀገራት ዘርዝር» የሚል ካርድ አታድርጉ፤ አንዱን በረሳችሁ ቁጥር ሁሉም ይወድቃል። ሁለቱንም አቅጣጫ ሥሩ፦ «የቡርኪና ፋሶ ዋና ከተማ?» እና «ዋጋዱጉ የየት ሀገር ናት?»። የሚቀያየር ነገር ላይ ቀን ጻፉበት። ከሁሉም በላይ ካርዱን ራሳችሁ አዘጋጁ፤ የሌላ ሰው አምስት ሺህ ካርድ አውርዶ በሳምንቱ የተወው ብዙ ነው።

ባዶ ካርታና «ለምን?»

ይህ ነው የኔ ምርጫ። የሚያስፈልገው ባዶ ካርታ፣ እርሳስና አንድ ሰዓት ነው። ገንዘብ አይጠይቅም፣ ቻርጅ አያስፈልገውም።

መጀመሪያ የምታውቋቸውን ሀገሮች ስም ካርታው ላይ ጻፉ። ከዚያ ቅርጻቸው ወይም አቀማመጣቸው ግራ የሚያጋባችሁን ሦስት ሀገሮች ምረጡ። ለእያንዳንዱ ለምን እንዲህ እንደሆነ ከጭንቅላታችሁ አንድ አንቀጽ ጻፉ። ከጻፋችሁ በኋላ ነው መፈተሽ ያለባችሁ።

ለምሳሌ ጋምቢያ። ሴኔጋል ሆድ ውስጥ የገባች፣ ወንዝ ይዛ የምትሄድ ቀጭን ሀገር ናት። እንግሊዞች ወንዙን ለንግድ ያዙ፣ ፈረንሳዮች ዙሪያውን ያዙ፣ በ1889 በስምምነት ወሰኑን አሰመሩ። ቦሊቪያ ደግሞ ባሕር የላትም፣ የባሕር ኃይል ግን አላት። ይህ ለእኛ ቅርብ የሆነ ጉዳይ ስለሆነ ጠለቅ ብላችሁ ግቡበት። በ1879 በተጀመረው ጦርነት ቺሊ የባሕር ዳርቻዋን ወሰደችባት። በ1904 ውል ተፈራርመው ነገሩ በወረቀት ጸና። ቦሊቪያ ግን አልተወችውም። ዘ ሄግ በሚገኘው ዓለም አቀፍ ፍርድ ቤት ቺሊን ከሰሰች፤ በ2018 ፍርድ ቤቱ ቺሊ በባሕር በር ላይ የመደራደር ግዴታ የለባትም አለ።

እንዲህ ያለውን መልስ እንዴት ነጥብ ትሰጡታላችሁ? ከሦስት ስጡት። ማንና ማን እንደተጣሉ ወይም እንደተስማሙ ከተናገረ አንድ። ዘመኑን በአሥር ዓመት ልዩነት ውስጥ ካገኘው አንድ። ዛሬ ድረስ ምን እንዳስከተለ ካስረዳ አንድ። ቀኑን በትክክል ማወቅ አያስፈልግም። ጦርነቱ በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ እንደነበር የሚያውቅ ሰው 1879ን ባያስታውስ ነጥቡ አይቀነስበት።

ይህ ዘዴ የተሸፋፈነ ስህተትም ያወጣል። «የአፍሪካን ድንበሮች ማን አሰመራቸው?» ስትሉ ብዙ ሰው «የበርሊን ጉባኤ» ይላል። ምርጫ ቢሆን ልክ ተብሎ ያልፍ ነበር። ለምን፣ እንዴት ብላችሁ ስታስጽፉት ግን ጉባኤው በዋናነት ግዛት እንዴት እንደሚያዝ ደንብ እንዳወጣ፣ አብዛኞቹ መስመሮች ከዚያ በኋላ በነበሩት ዓመታት በሁለትዮሽ ውሎች እንደተሰመሩ ይደርስበታል። ቀጥሎ የሚመጣው ጥያቄ ደግሞ የበለጠ ፖለቲካ ነው። ነጻ ከወጡ በኋላ ለምን አልቀየሯቸውም? በ1964 ካይሮ ላይ የአፍሪካ አንድነት ድርጅት መሪዎች ነጻ ሲወጡ የነበረውን ድንበር ለማክበር ወሰኑ። ሁሉም ድንበር ከተነካ ጦርነቱ ማቆሚያ የለውም ብለው ፈርተው ነው።

ጉድለቱም አለ። አራሚ ይፈልጋል፤ ብቻውን ያለ ሰው ራሱን ማታለል ይችላል። ጊዜም ይወስዳል። በዚህ መንገድ በአንድ ምሽት ሃያ ሀገር መሸፈን አይታሰብም።

ፖለቲካ ላይ የሚያሳስተው «መሪ» የሚለው ጥያቄ

«የጀርመን መሪ ማነው?» አደገኛ ጥያቄ ነው። ጀርመን ፕሬዚዳንትም ቻንስለርም አላት። ፕሬዚዳንቱ ርዕሰ ብሔር ነው፣ መንግሥቱን የሚመራው ቻንስለሩ ነው። የካናዳ ርዕሰ ብሔር ንጉሥ ቻርልስ ሲሆን የሚመራት ግን ጠቅላይ ሚኒስትሩ ነው። ስዊዘርላንድማ ሰባት ሰዎች በጋራ ያስተዳድሯታል፤ ፕሬዚዳንትነቱ በየዓመቱ ይዞራል። ኢትዮጵያም ውስጥ ፕሬዚዳንትና ጠቅላይ ሚኒስትር ስላሉ ይህን ልዩነት ለማስረዳት ከቤት መጀመር ይቻላል። የመሪዎችን ስም የሚያሸመድድ ፈተና በአንድ ምርጫ ወይም በአንድ መፈንቅለ መንግሥት ያረጃል። ሥልጣኑ ማን ጋ ነው፣ እንዴት ይሾማል፣ ማን ያነሳዋል የሚለው ግን ይቆያል።

ለየት ያለ ፈተና የሚፈልግ የጋፕማይንደርን ይሞክር። የስዊድኑ ሐኪም ሃንስ ሮዝሊንግ ከቤተሰቡ ጋር የጀመረው ድርጅት ነው። በ2017 በ14 ሀገሮች ወደ 12,000 ሰዎችን ስለ ድህነት፣ ስለ ክትባት፣ ስለ ልጃገረዶች ትምህርት ጠየቀ። ሦስት ምርጫ ያላቸው ነበሩ። ከመጀመሪያዎቹ 12 ጥያቄዎች በአማካይ የተመለሱት ሁለት ብቻ ናቸው። ዝም ብሎ የገመተ አራት ያገኝ ነበር። ሰዎቹ ዓለም ከእውነታው ይልቅ የከፋች መስሏቸዋል። ዋና ከተማ የሚያውቅ ሰውም እዚህ ይወድቃል።

ለልጆች

ከሁሉም በፊት እንቆቅልሽ አለን። «እንቆቅልህ?» «ምን አውቅልህ?» መልሱ ሲጠፋ «ሀገር ስጠኝ» ይባላል። እኛ ልጆች ሆነን የምንሰጠው ጎንደርን፣ ሐረርን፣ ጅማን ነበር። አሁን ደንቡን ትንሽ ቀይሩት። የተሸነፈው የዓለምን ሀገር ይስጥ፤ አሸናፊው ካርታ ላይ ካላገኘው ሀገሩ አይጸናለትም። ግድግዳ ላይ ትልቅ ካርታ ካለ ስልክ ሳያስፈልግ ማታውን ሁሉ ይጫወታሉ። ከሀገር ውጭ ላደጉ ልጆች አማርኛውንም ጂኦግራፊውንም በአንድ ላይ ይሰጣቸዋል።

ለዜግነት ፈተና የምትዘጋጁ

እዚህ ላይ የመፈተኛው ዓይነት ገንዘብና ጊዜ ያስከፍላል። አሜሪካ ውስጥ ፈተናው በቃል ነው። መኮንኑ ይጠይቃል፣ እናንተ ትመልሳላችሁ፣ ምርጫ የለም። ከጥቅምት 20 ቀን 2025 ጀምሮ ያመለከተ ሰው ከ128 ጥያቄዎች እስከ 20 ይጠየቃል፤ ለማለፍ 12 መመለስ አለበት። ከዚያ በፊት ያመለከቱት በድሮው፣ ማለትም ከ100 ጥያቄ 10 ተጠይቀው 6 በሚመልሱበት ነው የሚፈተኑት። ስለዚህ ሀ፣ ለ፣ ሐ እያለ የሚጠይቅ አፕ ብቻ ይዞ መዘጋጀት ያሳስታል፤ አፑ መለየትን ያሠለጥናል፣ መኮንኑ ማስታወስን ይጠይቃል። ካርድ ይሻላችኋል፣ ከጓደኛ ጋር ጮክ ብሎ መጠያየቅ ደግሞ ከካርድም ይሻላል። የአንዳንዱ ጥያቄ መልስ ከምርጫ በኋላ ስለሚቀየር ከቀጠሮው በፊት በመንግሥቱ ድረ ገጽ ላይ አረጋግጡ። ዕድሜያቸው 65 ለሞላና 20 ዓመት በቋሚ ነዋሪነት ለቆዩ እናትና አባቶች አጠር ያለ ዝርዝር ተለይቷል፤ ብዙዎች ሳያውቁት ሙሉውን ለማጥናት ይደክማሉ።

ብሪታንያና ጀርመን በምርጫ ነው የሚፈትኑት። ብሪታንያ 24 ጥያቄ፣ 45 ደቂቃ፣ ማለፊያው 18 ነው። ጀርመን 33 ጥያቄ፣ አንድ ሰዓት፣ ማለፊያው 17 ነው፤ ሦስቱ ጥያቄዎች ስለምትኖሩበት ክልል ናቸው። ለጀርመኑ የጥያቄዎቹ ዝርዝር ይፋ ስለሆነ የመለማመጃ አፕ በደንብ ይሠራል። ለብሪታንያው ግን ጥያቄዎቹ ስለማይታወቁ ለፈተናው የተዘጋጀውን ይፋዊ መጽሐፍ ማንበብ ግድ ነው።

ውድድር የምታዘጋጁ ከሆነ

በማኅበር፣ በትምህርት ቤት ወይም በበዓል ዝግጅት ላይ ጥያቄና መልስ ስታወጡ ምርጫውን ለመጀመሪያው ዙር፣ ያለ ምርጫ በቃል የሚመለሰውን ለሁለተኛው፣ «ለምን?» የሚለውን ለመጨረሻው አድርጉት። እያንዳንዱን ጥያቄ ከሁለት ቦታ አረጋግጡ። ሰው ሠራሽ አስተውሎት ጥያቄ ሊጽፍላችሁ ይችላል፤ በአማርኛ ሲጽፍ ግን ስምና ዓመት ስለሚያምታታ አንድ በአንድ ሳታዩ አታውጡ።

ጠብ የሚነሳው ሁልጊዜ በአንድ ጥያቄ ላይ ነው፦ «በዓለም ላይ ስንት ሀገር አለ?» የተባበሩት መንግሥታት አባላት ከሆኑ 193 ናቸው፤ የመጨረሻዋ በ2011 የገባችው ደቡብ ሱዳን ናት። ታዛቢዎቹን ቫቲካንንና ፍልስጤምን የሚጨምር 195 ይላል። ፊፋን የሚቆጥር 211 ይላል፤ ስኮትላንድና ዌልስ ለየብቻ ስለሚጫወቱ። ኮሶቮና ታይዋን ላይ ደግሞ ሀገሮች ራሳቸው አልተስማሙም። ጥያቄውን «የተባበሩት መንግሥታት አባል የሆኑ ሀገራት ስንት ናቸው?» ብላችሁ ከጻፋችሁት ክርክሩ ከመነሳቱ በፊት ያልቃል። ኮሶቮንና ታይዋንን ለመጨረሻው ዙር አስቀሩላቸው፦ አንድ መሬት ሀገር የሚባለው ምን ሲያሟላ ነው? ለዚህ አምስት ደቂቃ ስጧቸው።